ደጅ ሳይጠኑ፦ የአጭር ፊልም ሠሪ መንገድ

በተንቀሳቃሽ ሥዕል ጥበብ ሕይወታቸውን ለመምራት ከሚመኙ ወጣቶች መካከል ብዙዎቹ፣ ሥራው የሚጀመረው ባለጠጋ ገንዘቡን ባወጣ፣ ዝነኛ ተዋናይ ፈቃዱን በሰጠና የሲኒማ አዳራሽ በሩን በከፈተ ጊዜ ነው ብለው ስለሚያምኑ፣ የሰው ደጅ ሲጠኑ ዕድሜያቸው ያልፋል። ይህ ጽሑፍ የተዘጋጀው ከዚህ ደጅ ጥናት ለመላቀቅ ለሚሹ ወንዶችና ሴቶች ነው። ምክሩም ባጭሩ እንዲህ ነው፤ ፊልም የሚጠይቃቸውን ልዩ ልዩ ሙያዎች፣ ማለትም ድርሰቱን፣ ካሜራውን፣ ድምፁን፣ ኤዲቲንጉንና ለሕዝብ ማሳየቱን በአንድ እጅ ለመሰብሰብ የቻለ ሰው፣ ከእነዚህ አንዱን ሌላ ሰው ቢነፍገው ሥራው አይቆምበትም። ይሁን እንጂ ሙያ የሚበዛው ሁሉም አንድን ሐሳብ እንዲያገለግሉ ነው እንጂ፣ ባለቤቱ ሁሉን ነካክቶ አንዱንም ሳይጨብጥ እንዲቀር አይደለም።

ለዚህ መንገድ አብነት ትሆነን ዘንድ የምንመርጣት ማያ ዴረን ናት። እርሷም በ1917 ዓ.ም. በኪየቭ ከተማ ተወልዳ (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት፣ ከአንድ አዋጅ ቁጥር በቀር፣ እንደ አውሮጳውያን አቆጣጠር ናቸው)፣ በሕፃንነቷ ከወላጆቿ ጋር ወደ አሜሪካ ተሰድዳ፣ በሥነ ጽሑፍ የማስትሬት ማዕረግ ተቀብላ፣ የውዝዋዜ ሊቅ የነበረችው የካትሪን ዳንሃም ጸሐፊ ሆና ካገለገለች በኋላ፣ በ1943 ዓ.ም. ከባሏ ከአሌክሳንደር ሃሚድ ጋር በሎስ አንጀለስ በሚኖሩበት ቤት ውስጥ «የከሰዓት በኋላ መረቦች» የተባለውን 14 ደቂቃ ያህል የሚፈጅ ፊልም ሠራች። በ1961 ዓ.ም. በ44 ዓመቷ እስካረፈች ድረስ አጠናቅቃ ለሕዝብ ያቀረበቻቸው ፊልሞች ሁሉ አጫጭር ነበሩ፤ የመጀመሪያው ሥራዋ ግን በ1990 ዓ.ም. በአሜሪካ ብሔራዊ የፊልም መዝገብ ውስጥ ተጠብቀው ለትውልድ እንዲተላለፉ ከተመረጡት ፊልሞች አንዱ ሆነ። እንግዲህ እርሷና መሰሎቿ በሄዱበት መንገድ ደረጃ በደረጃ እንሂድ።

1ኛ፤ የአጭርነትን ሕግ ዕወቁ

አጭር ፊልም የረዥሙ ቁራጭ አይደለም። ጉባኤ ቃና በሁለት ቤት ተወስኖ ሰሙንም ወርቁንም ሲያሟላ፣ ስምንት ቤት ካለው ከመወድስ ፊት ጎደሎ ነው የሚል የቅኔ መምህር እንደማይገኝ ሁሉ፣ በጥቂት ደቂቃ ሐሳቡን የፈጸመ ፊልምም ከሁለት ሰዓቱ ፊልም ፊት የሚያፍርበት ነገር የለውም። ፈረንሳዊው አልቤር ላሞሪስ በ1956 ዓ.ም. ያወጣው «ቀዩ ፊኛ» ርዝመቱ 34 ደቂቃ ብቻ፣ ንግግሩም እጅግ ጥቂት ሆኖ ሳለ፣ የአሜሪካ የፊልም አካዳሚ ለምርጥ የፊልም ድርሰት የሚሰጠውን የኦስካር ሽልማት ከረዣዥሞቹ ጋር ተወዳድሮ ወስዷል።

ይኸው አካዳሚ አጭር ፊልም የሚለው በመጨረሻ የሚያልፉት ስሞች ጭምር ተቆጥረው ከ40 ደቂቃ ያልበለጠውን ሲሆን፣ የካን ፌስቲቫል የአጫጭር ፊልሞች ውድድር ደግሞ ከ15 ደቂቃ የሚያልፈውን አይቀበልም። ስለዚህ የመጀመሪያ ሥራችሁን ከ5 እስከ 10 ደቂቃ ወስኑት። በተለመደው የፊልም ድርሰት አጻጻፍ አንድ ገጽ አንድ ደቂቃ ያህል ስለሚገመት፣ ድርሰታችሁ ከ10 ገጽ ካለፈ መቀነስ ያለበት ነገር አለ ማለት ነው። ለመቀነስም እንዲቀላችሁ፣ ከመጀመሪያው ሥዕል እስከ መጨረሻው ድረስ የሚለወጠው ነገር ምን እንደሆነ በአንድ ዓረፍተ ነገር ጻፉ፤ ለዚያ ለውጥ የማያገለግለውን ሰው፣ ቦታና ንግግር ሁሉ ያለ ርኅራኄ አውጡ። በሜክሲኮ ተወልዳ በሐረር ያደገችው ጄሲካ በሺር፣ በ2017 ዓ.ም. ባወጣችው «ሃይራት» በተባለው አጭር ፊልም፣ የሐረርን ታሪክ ሁሉ ልተርክ አላለችም፤ ሌሊት ሌሊት ጅብ የሚያበላውን አንድ ሰው ብቻ በጥቁርና ነጭ ሥዕል ተከተለች፤ በዚያ በአንድ ሰው ልማድ ውስጥ ግን ሰውና አውሬ ተከባብረው የሚያድሩባት ከተማ ጠባይዋ ሳይነገር ይታወቃል።

2ኛ፤ ያላችሁን ቆጥራችሁ ተነሡ

ማያ ዴረን ከአባቷ በወረሰችው ገንዘብ የገዛችው ካሜራ ሌላ ሰው የሠራበት፣ 16 ሚሊ ሜትር ፊልም የሚወስድ ቦሌክስ ነበር። ይህ ካሜራ ሞላው በእጅ ተጠምዝዞ የሚሠራ ስለሆነ፣ አንድ ጊዜ ሲጠመዘዝ የሚሄደው ግማሽ ደቂቃ ለማይሞላ ጊዜ ነው፤ 100 ጫማ ርዝመት ያለው የፊልም ጥቅልም በሴኮንድ 24 ሥዕል ሲቀረጽበት በ2 ደቂቃ ከ45 ሴኮንድ ገደማ ያልቃል። እንዲህ ያለ ዕቃ የያዘ ሰው አዝራሩን ከመጫኑ በፊት ለማሰብ ይገደዳል። ዛሬ በኪሳችሁ ያለው ስልክ ከዚያ ቦሌክስ ይልቅ ብዙ ሊቀርጽ ስለሚችል፣ የሚጎድላችሁ ካሜራው ሳይሆን ያ ግዴታ ነው፤ እንግዲያውስ እናንተው በራሳችሁ ላይ ሕግ አውጡ፤ አንዱ ቀረጻ ከ30 ሴኮንድ አይብለጥ፤ አንዱም ትዕይንት ከአምስት ጊዜ በላይ አይደገም።

የዕቃ ማነስ ለጥበብ እንቅፋት እንዳልሆነ የሚያስረዱ ሥራዎች ጥቂት አይደሉም። ክሪስ ማርከር በ1962 ዓ.ም. ያወጣው 28 ደቂቃ የሚፈጀው «ላ ዠቴ»፣ ከአንዲት ቅጽበት በቀር በሙሉ ከማይንቀሳቀሱ ፎቶግራፎችና ከተራኪ ድምፅ የተሠራ ነው። በአዲስ አበባ ተወልዶ በኒው ዮርክ የሚሠራው ሠዓሊ ዕዝራ ውቤም በአንድ ሸራ ላይ እየሣለ፣ የሣለውን ፎቶግራፍ እያነሣ፣ በዚያው ሸራ ላይ እንደገና እየደረበ በመሣል ተንቀሳቃሽ ሥዕል ይሠራል፤ በ2011 ዓ.ም. «ሒሳብ» ብሎ ባቀረበው ሥራም አህያ፣ ውሻና ፍየል በመኪና ተሳፍረው ስለከፈሉትና ስላልከፈሉት ገንዘብ የሚነገረውን የከተማ ተረት በዚህ ዘዴ አሳይቷል። ሸራውን፣ ቀለሙንና ሁላችንም የምናውቀውን ተረት ለማግኘት የማንንም ፈቃድ መለመን አላስፈለገውም።

ስለዚህ ድርሰት ከመጻፋችሁ በፊት አንድ ደብተር ያዙና አራት ነገር መዝግቡ፤ ያለ ክፍያ ልትገቡባቸው የምትችሉትን ቦታዎች፣ ሁለት ቀን ሊሰጧችሁ የሚፈቅዱትን ሰዎች፣ በእጃችሁ ያለውን ዕቃ፣ በየቦታው ብርሃን የሚያምርበትን ሰዓት። በአገራችን ከረፋዱ 5 ሰዓት እስከ ቀኑ 9 ሰዓት ፀሐይ ከአናት ላይ ስለምትሆን የሰው ዓይን በጥላ ይሸፈናል፤ በዚህ ጊዜ ቤት ውስጥ በመስኮት ብርሃን ቅረጹ፤ የውጭውን ሥራ ለማለዳና ለሠርክ አቆዩት። ድርሰቱ ከዚህ መዝገብ ውስጥ ይወለድ፤ መዝገቡን ንቆ የተጻፈ ድርሰት መልሶ ወደ ደጅ ጥናት ይወስዳችኋል።

3ኛ፤ ሙያዎቹን በቅደም ተከተል ተማሩ

ብዙ ሰው በካሜራ ይጀምራል፤ እኔ ግን በኤዲቲንግ ጀምሩ እላለሁ። ሥዕሎችን ማገጣጠም የለመደ ሰው፣ ቀረጻ ላይ ሲቆም ምን እንደሚያስፈልገውና ምን እንደማያስፈልገው አስቀድሞ ያውቃልና። ማያ ዴረን በ1945 ዓ.ም. ከተወዛዋዡ ከታሊ ቢቲ ጋር በሠራችው ጥቂት ደቂቃ ብቻ በሚፈጀው ፊልሟ ውስጥ፣ ሰውየው በጫካ እግሩን ሲያነሣ ይታይና እግሩ የሚያርፈው በመኖሪያ ቤት ወለል ላይ ነው፤ ከዚያም ያው ውዝዋዜ ሳይቋረጥ ወደ ሙዚየም አዳራሽ ይዘልቃል። እንቅስቃሴው ስላልተቆረጠ የተመልካች ልቡና በቦታዎቹ መካከል ያለውን ርቀት ይረሳዋል። ይህን ምሥጢር ለመማር ገንዘብ አያስፈልግም፤ አንድ ሰው በር ከፍቶ ሲገባ በመጀመሪያ ከውጭ፣ ቀጥሎም ከውስጥ ቅረጹ፤ እጁ መዝጊያውን በሚገፋበት ቅጽበት ሁለቱን ሥዕሎች አጋጥሙ፤ መገጣጠሚያው ለዓይን እስኪጠፋ ድረስም መላልሳችሁ ሞክሩ። ቀጥሎ በሩን የአንድ ቤት፣ ክፍሉን የሌላ ቤት አድርጋችሁ ድገሙት፤ ያን ጊዜ ቤት ሳትከራዩ ቤት መሥራት ተማራችሁ ማለት ነው።

ሁለተኛው ሙያ ድምፅ ነው። ተመልካች የደበዘዘ ሥዕል ይታገሣል፤ የማይሰማ ንግግር ግን አይታገሥም። ስለዚህ ገንዘብ ባገኛችሁ ጊዜ ከአዲስ ካሜራ በፊት ደህና ማይክ ግዙ፤ ማይኩንም በሥዕሉ ውስጥ እስካልታየ ድረስ ወደ ተናጋሪው አፍ አቅርቡት፤ የጆሮ ማዳመጫ ሳታደርጉ ምንም አትቅረጹ። ፍሪጁን አጥፉ፤ የጎረቤት ጄኔሬተርና የቤተ ክርስቲያን ደወል የሚሰማበትን ሰዓት አስቀድማችሁ ዕወቁ። ትዕይንቱ ሲያልቅም ሰዉ ሁሉ ዝም ብሎ እንዲቆም አድርጋችሁ የክፍሉን ጸጥታ አንድ ደቂቃ ያህል ቅረጹ፤ በኤዲቲንግ ጊዜ በንግግሮቹ መካከል የሚፈጠረውን ክፍተት የምትሞሉት በዚህ ነው።

ሦስተኛው ካሜራው ነው። በኢትዮጵያ የኤሌክትሪክ ኃይል በሴኮንድ 50 ዙር ስለሚሄድ፣ በመብራት ሥር ስትቀርጹ ካሜራችሁን በሴኮንድ 25 ሥዕል፣ የመዝጊያውን ፍጥነትም የሴኮንድ አንድ ሃምሳኛ ላይ አድርጉ፤ ያለዚያ ሥዕሉ ሊርገበገብ ይችላል። ኃይሉ 60 ዙር በሆነበት በአሜሪካ የምትኖሩ ደግሞ በሴኮንድ 30 ሥዕልና አንድ ስድሳኛ ይስማማችኋል። የብርሃኑን መጠን ካሜራው በራሱ እንዲለዋውጥ አትተዉለት፤ በእጃችሁ ወስናችሁ ቆልፉት። የዕለቱ ሥራ ሲያበቃ የቀረጻችሁትን በሁለት ሐርድ ዲስክ ገልብጡ፤ ሁለቱም በትክክል መከፈታቸውን ሳታረጋግጡ የካሜራውን ካርድ አትደምስሱ፤ ከሁለቱ አንዱም በሌላ ቤት ይደር።

እዚህ ላይ አንድ ማስጠንቀቂያ ይገባል። ሙያውን ሁሉ ማወቅና ሥራውን ሁሉ በአንድ ቀን ብቻን መሥራት የተለያዩ ነገሮች ናቸው። ማያ ዴረን ራሷ በምትጫወትበት ጊዜ ካሜራውን የሚይዙላት ሰዎች ነበሯት፤ በመጀመሪያው ፊልም ባሏ፣ በ1944 ዓ.ም. በሠራችው «በምድር ላይ» በተባለው ፊልም ደግሞ ሄላ ሄይማንም ይህን ሥራ ሠርተዋል። ሙያውን ማወቋ የጠቀማት ሰው እንዳያስፈልጋት ሳይሆን፣ ለሰው የምትሰጠው ትእዛዝ የተጣራ እንዲሆንና ረዳት በጠፋ ቀን ሥራው እንዳይስተጓጎል ነው።

4ኛ፤ የቀረጻውን ቀን አስቀድማችሁ ጨርሱት

የምትቀርጿቸውን ሥዕሎች ሁሉ በዝርዝር ጽፋችሁ፣ በታሪኩ ቅደም ተከተል ሳይሆን በቦታና በብርሃን አቅጣጫ አደራጁአቸው፤ ወደ መስኮት የሚያሳዩት ሁሉ አንድ ላይ፣ ወደ በር የሚያሳዩት ሁሉ አንድ ላይ ይቀረጹ። እያንዳንዱ ሰው በስንት ሰዓት፣ ምን ለብሶና ምን ይዞ እንደሚመጣ በዋዜማው ላኩለት። በነፃ የሚያገለግላችሁ ሰው ቢያንስ ምሳውን በሰዓቱ ይብላ፤ የትራንስፖርቱንም ክፈሉለት፤ ከበጀታችሁ ውስጥ ይህ ወጪ የሚቀነስ አይደለም፤ ለሁለተኛው ፊልም የሚመለሰው ወዳጅ የሚገኘው በዚህ ነውና።

5ኛ፤ እንጀራችሁን ከጥበባችሁ ለዩ፤ ግን አታራርቋቸው

አጭር ፊልም ለብቻው ባለቤቱን እምብዛም አያኖርም። ይህን በጊዜ የተረዳ ሰው አያዝንም፤ ኑሮውን አስቀድሞ ያደራጃል። ማያ ዴረን ንግግር እያደረገች፣ ጽሑፍ እየጻፈችና የፊልሞቿን ቅጂዎች ለትምህርት ቤቶችና ለማኅበራት እያከራየች ኖራለች። በጎንደር የተወለዱት ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማም፣ እንደ «አወር ግላስ» (1971 ዓ.ም.) ባሉ አጫጭር ፊልሞች ከጀመሩ በኋላ፣ ከ1975 ዓ.ም. አንሥቶ በዋሽንግተን በሚገኘው በሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ እያስተማሩ ፊልሞቻቸውን ሠርተዋል።

ለእናንተም እንጀራ የሚሆነው ሥራ ከሙያው ያልራቀ ይሁን። የሠርግ ቀረጻን የሚንቁ አሉ፤ ነገር ግን የማይደገመውን ቅጽበት ሳያመልጥ መያዝን፣ በጨለማ አዳራሽ ብርሃን ማግኘትንና በሕዝብ መካከል ሳይታዩ መቆምን ከሠርግ የተሻለ የሚያስተምር ትምህርት ቤት የለም። የንግድ ማስታወቂያ አንድን ሐሳብ በ30 ሴኮንድ መጨረስን ያስለምዳል፤ ለድርጅቶች የሚሠራው ዘጋቢ ፊልም ሰውን ማነጋገርን ያስተምራል። ከእያንዳንዱ ክፍያ የተወሰነ እጅ ለይታችሁ በሌላ የባንክ ሒሳብ አስቀምጡ፤ ይህም ገንዘብ ከፊልማችሁ በቀር ለምንም አይነካ። ዘወትር የማትሠሩበትን ዕቃ ተከራዩ እንጂ አትግዙ።

ስለ ድጋፍ ገንዘብም አንድ ነገር ልብ በሉ። ማያ ዴረን በ1946 ዓ.ም. የጉገንሃይም ድርጅትን የገንዘብ ድጋፍ ያገኘችው በራሷ ወጪ የሠራቻቸውን ፊልሞች ካሳየች በኋላ ነው። ገንዘብ ሰጪ ያልተወለደውን ሐሳብ ከሚያምን ይልቅ የተፈጸመውን ሥራ አይቶ ቀጣዩን ያምናል፤ ስለዚህ ማመልከቻችሁ አንድ ገጽ የሐሳብ መግለጫ፣ እውነተኛ በጀትና ከዚህ ቀደም የሠራችሁት አንድ ፊልም ይኑረው።

6ኛ፤ ውሉን ከቀረጻው በፊት ጻፉ

በአገራችን የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ለፊልም ሠሪውም፣ ለተዋናዩም፣ ለሙዚቃ ደራሲውም መብት ሰጥቷል። ስለዚህ ተዋናዩ ምስሉን፣ የቤቱ ባለቤት ቤቱን፣ ሙዚቃ ሠሪው ዜማውን እንድትጠቀሙበት በጽሑፍ ይፍቀዱላችሁ፤ ወንድማችሁ ቢሆንም ይፈርም። በታወቀ ዘፈን መጠቀም የሚሻ ሰው ሁለት ፈቃድ እንደሚያስፈልገው ይወቅ፤ አንዱ ከግጥሙና ከዜማው ባለቤት፣ ሁለተኛው ድምፁን ቀርጾ ካወጣው ወገን። ይህን ያላሟላ ፊልም ከፊልም በዓላት ሊመለስ፣ ከዩቲዩብም ሊወርድ ይችላል። በክፍያ ለሌላ በምትሠሩት ሥራ ደግሞ የጥሬው ቀረጻና የተጠናቀቀው ፊልም ባለቤት ማን እንደሆነ በውሉ ውስጥ በግልጽ ይቀመጥ።

7ኛ፤ ተመልካቹን ራሳችሁ ፈልጉ

ፊልሙ ሲያልቅ የሚከተሉትን በአንድ አቃፊ አዘጋጁ፤ ሁለት ዓረፍተ ነገር የማይበልጥ መግለጫ፣ ጥራት ያላቸው ሦስት ፎቶግራፎች፣ የእንግሊዝኛ፣ ቢቻል የፈረንሳይኛም የግርጌ ትርጉም፣ እንዲሁም አዳራሽ ውስጥ በታላቅ መጋረጃ ለማሳየት የሚሆን፣ ዲሲፒ የተባለው የሲኒማ ቅጂ። ከዚያም የበዓላቱን ስም በሦስት ክፍል አስፍሩ። በመጀመሪያ ለአጫጭር ፊልሞች ብቻ የቆሙት፣ ለምሳሌ በ1954 ዓ.ም. የተመሠረተው የጀርመኑ የኦበርሃውዘን ፌስቲቫልና የፈረንሳዩ የክሌርሞን ፌራን ይግቡ፤ ቀጥሎ ከፊልማችሁ ጉዳይ ጋር የሚስማሙት፤ በመጨረሻም የቅርባችሁ። አንዳንዶቹ ፊልሙ ከዚያ በፊት በሌላ ቦታ እንዳይታይ ስለሚጠይቁ፣ ደንባቸውን ሳታነቡ በኢንተርኔት አትልቀቁት። የመግቢያ ክፍያውንም ከበጀቱ ውስጥ አስቀድማችሁ ወስኑ፤ ገደብ ካልተደረገለት ከቀረጻው ወጪ ሊበልጥ ይችላል።

በዓል ሁሉ እምቢ ቢል ግን ሥራው አላበቃም። በየካቲት 1946 ዓ.ም. ማያ ዴረን በኒው ዮርክ የሚገኘውን የፕሮቪንስታውን ቲያትር ቤት ራሷ ተከራይታ ፊልሞቿን ለሕዝብ አሳየች፤ የእርሷን አርአያነት የተከተለው አሞስ ቮገልም በማግሥቱ ዓመት «ሲኒማ 16» የተባለውን የፊልም ማኅበር አቋቋመ። ፕሮፌሰር ኃይሌ ገሪማ በ1993 ዓ.ም. ላወጡት «ሳንኮፋ» ለተባለው ፊልማቸው አከፋፋይ ባጡ ጊዜ፣ አዳራሽ እየተከራዩ ከከተማ ወደ ከተማ ይዘውት ዞሩ፤ ኋላም በዋሽንግተን ጆርጂያ ጎዳና ላይ ከሃዋርድ ዩኒቨርሲቲ ፊት ለፊት በዚሁ ስም የመጻሕፍትና የፊልም ቤት ከፈቱ። እናንተም ከሦስትና ከአራት ባልንጀሮቻችሁ ጋር ሆናችሁ አጫጭር ፊልሞቻችሁን አንድ ሰዓት በሚሞላ መርሐ ግብር አሰባስቡ፤ የትምህርት ቤት ወይም የባህል ማእከል አዳራሽ ጠይቁ፤ በውጭ አገር የምትኖሩም የኮሚኒቲውን አዳራሽ ተጠቀሙ። ከማሳያው በኋላ ለጥያቄ ጊዜ ስጡ፤ የተመልካቾችን ስምና ስልክ በፈቃዳቸው መዝግቡ። ያ መዝገብ ለሚቀጥለው ፊልም ከማንኛውም ማስታወቂያ ይልቅ ያገለግላችኋል።

8ኛ፤ ሁለተኛውን ሥራ አታዘግዩ

አንድ ፊልም በበዓላት ሲዞር ከዓመት በላይ ሊወስድ ስለሚችል፣ መልስ በመጠባበቅ እጅን አጣጥፎ መቀመጥ ሌላው የደጅ ጥናት ዓይነት ነው። የመጀመሪያው ፊልም ለውድድር በተላከበት ሳምንት የሁለተኛው ድርሰት ይጀመር። ከዚህ ቀጥሎ ወደ ረዥም ፊልም መሄድ የእናንተ ፈቃድ ነው። ጄሲካ በሺር አሥር ዓመት ያህል የደከመችበትን «ፋያ ዳዪ» የተባለውን ረዥም ፊልሟን በ2021 ዓ.ም. ስታቀርብ፣ አዘጋጇም፣ ፕሮዲዩሰሯም፣ ካሜራውን የያዘችውም እርሷው ነበረች፤ ይህን ያህል ዘመን በራሷ እጅ ለመጽናት ያበቃት በአጫጭሮቹ የተለማመደችው ሙያ ነው። ማያ ዴረን ደግሞ በአጭሩ እንደ ጸናች አረፈች። ሁለቱም መንገዶች የተከበሩ ናቸው፤ የጋራቸውም ጠባይ ማንም ሳይፈቅድላቸው መጀመራቸው ነው።

ስለዚህ የመጀመሪያውን ዓመታችሁን እንዲህ ክፈሉት፤ ሦስት ወር ለኤዲቲንግና ለድምፅ ልምምድ፣ ሁለት ወር ለድርሰትና ለዝግጅት፣ ሁለት ወይም ሦስት ቀን ለቀረጻ፣ ሦስት ወር ለማጠናቀቅ፣ የቀረውን ለማሳየትና ለሁለተኛው ድርሰት። እንጀራ የሚሆነው ሥራ በዚህ መካከል ይቀጥላል። በዚህ ሥርዓት የሚሄድ ሰው እምቢታ አይቀርለትም፤ ነገር ግን እምቢ ባዩ በሚመጣበት ጊዜ ሥራውን ተፈጽሞ ያገኘዋል።